የጭላሎዋ ጣውንቴ

የቢፍቱን ሞት የነገረኝ ከሁሩታ ገብስ ጭኖ የመጣ አህያ ነጂ ነው። ጭነቱን ሳያወርድ ደጃፌ ላይ ቆሞ፣ ኮፍያውን በእጁ እያሻሸ፣ "አዴ ዘይነባ፣ አዴ ቢፍቱ ዐርፈዋል። ከትናንት ወዲያ ቀበርናቸው" አለኝ። "ኢንና ሊላሂ" አልኩ። ከአፌ የወጣው ይህ ነው። በሆዴ ያልኩት ግን ሌላ ነበር፤ "አሁንም ቀደመችኝ" ነው ያልኩት። ባላችን ሁሴን ከሞተ ዓመት አልፎት ነበር። እሷ ወደ እሱ ስትሄድ እኔ አዳማ ላይ ገብስ እየሰፈርኩ ቀረሁ።

ይህን የምትጽፈው ልጄ ራህማ ናት። እኔ እናገራለሁ፣ እሷ ትጽፋለች። ቢፍቱን እንዳታሳምርብኝ ገና ሳንጀምር አስምያታለሁ፤ ለእሷ ታደላለችና። እንዴት እንደምታደላ በኋላ ይታያል።

ነገሩ ጣልያን ከመምጣቱ በፊት ነው። ያን ጊዜ አዳማ ከተማ ለመባል ገና ነበረች። ባቡር ጣቢያው አለ፤ በጣቢያው ዙሪያ የአረብና የግሪክ ሱቆች አሉ፤ ከዚያ ወዲያ ግራርና አቧራ ነው። አባቴ ባቡሩ ያመጣውን ገበያ ተከትሎ ከወሎ የመጣ ነጋዴ ነበር። ሁሴን ደግሞ የአርሲ ሰው ነው። ከጣቢያው አሞሌ ጨው፣ አቡጀዲና ላምባ በአህያ ጭኖ ወደ ደጋ ይወጣል፤ ገብስ፣ ቅቤና ቆዳ ይዞ ይወርዳል። ሲያገባኝ አልደበቀኝም። "ጭላሎ ላይ አንዲት አለችኝ" አለ። አባቴም "ተራ ካላጓደልክ ሸሪዓው ይፈቅዳል" አለው። እኔን የጠየቀኝ የለም። ቢጠይቁኝም እሺ እል ነበር፤ ሁሴን መልከ መልካም ነበር።

ያልነገረኝ ነገር ቢኖር፣ ያገባው ሴቲቱን ብቻ ሳይሆን ተራራውንም ጭምር መሆኑን ነው። ከጓሯችን ያለችው ጉብታ ላይ ሲወጡ፣ ዝናብ ያጠበው ጠዋት ከሆነ፣ ጭላሎ በደቡብ በኩል ወለል ብሎ ይታያል። ሹል ጫፍ የለውም፤ ሰፊ ነው፣ የተደፋ ገበቴ ይመስላል። ሁሴን እኔ ቤት ባደረ ቁጥር ከሱብሂ ሶላት በኋላ መጀመሪያ የሚያየው እሱን ነበር። "ዛሬ ተከናንቧል፤ ማታ ዝናብ አለ" ይላል። ሌላ ቀን ደግሞ "ዛሬ ተገልጧል፤ ላይ ውርጭ ጥሏል" ይላል። እኔ ቁርሱን ይዤ ከኋላው ቆሜያለሁ። "እንዴት አደርሽ" የሚለኝ ጭላሎ እንዴት እንዳደረ ካረጋገጠ በኋላ ነው።

ከዚያ ሽታው አለ። ከደጋ ሲመለስ ጋቢው ጢስ ጢስ ይላል። የወይራ አይደለም፣ የግራር አይደለም፣ እኔ የማላውቀው የሚጣፍጥ ጢስ ነው። "የአስታ ነው" አለኝ ስጠይቀው። "ላይ፣ ብርዱ ውስጥ የሚበቅል ዛፍ ነው። ቢፍቱ የወተት ዕቃ ታጥንበታለች።" ጋቢውን በእንዶድ አጠብኩት። ደግሜ አጠብኩት፤ ቀኑን ሙሉ ፀሐይ ላይ ዋለ። ማታ ሲከናነበው ያው አስታ ነው። ቆሽቴ አረረ። እኔ ከአረቡ ሱቅ የጽጌረዳ ሽቶ ገዝቼ አንገቴን እቀባለሁ፤ እሷ ከዚያ ማዶ ሆና በጢስ ታሸንፈኛለች።

ውሃም ያመጣ ነበር፤ አንድ ቅል የምንጭ ውሃ፣ አፉ በቅጠል የተወተፈ። "የአዋሽ ውሃ ጭቃ ጭቃ ይለኛል" እያለ ከእሱ ይጎነጫል። አንድ ቀን ገበያ ሲወጣ ጠብቄ ቅሉን እንዳለ ለአህያይቱ ገለበጥኩላት። ከዚያ ወዲያ አህያይቱ የአዋሽን ውሃ እያሸተተች ትተወው ጀመር። አላህ ምስክሬ ነው፣ አህያዬ እንኳ ወደ ቢፍቱ አደላች።

በዚህ መሀል ራህማ ታመመች። ገና የወተት ጥርሷን ያልነቀለች ልጅ ነበረች። በእኛ አገር ክረምቱ ወጥቶ ሜዳው ላይ ውሃ ሲተኛ ወባው ይነሳል፤ በዚያ ዓመት የጎረቤት ልጆችን ቀጥፎ ነበር። የራህማ ትኩሳት ይተዋታል፣ እፎይ ስንል ይመለሳል። ዓይኗ ቢጫ ሆነ፤ ሆዷ በግራ በኩል ጠጠረ። ያላስቀራነው ቁርኣን የለም፣ ያልሞከርነው ቅጠል የለም። ሁሴን አጠገቧ ቁጭ ብሎ መሬት መሬቱን እያየ፣ "ወደ ደጋ ትውጣ" አለኝ። "ቢፍቱ ጋ።"

"እሷ ጋ ከምትሄድ..." ብዬ ጀመርኩና ቃሉን መጨረስ አቃተኝ። ልጅቷ ፊቴ ተኝታ ጥርሷ ይንገጫገጫል። ተነስቼ ጓዜን መሰብሰብ ያዝኩ።

"እኔም እሄዳለሁ፣ የራህማ አባት" አልኩት። "እሺ፣ ትውጣ፤ ለእሷ ትሰጥ ግን አላልኩም።"

አዋሽን ተሻግረን፣ የግራሩን ሜዳ አቋርጠን ሁሩታ ስንደርስ አገሩ ሌላ ሆነ። መሬቱ ጠቆረ፤ ግራና ቀኙ ገብስና ስንዴ ሆነ። ከሁሩታ በላይ መንገዱ ሽቅብ ነው። መጀመሪያ ጥድና ዝግባ ተቀበለን፤ ከዚያ ቀያይ አበባውን እንደ ዘርፍ ያንጠለጠለ ኮሶ። በበቅሎ ላይ የታቀፍኳት ልጅ ትኩሳቷ ደረቴን ያቃጥለኛል፣ ፊቴን ደግሞ ብርዱ ይገርፈኛል። ጉሙ መጣና መንገዱን ዋጠው። ሁሴን ከፊት ሆኖ ሲስል ይሰማኛል እንጂ አይታየኝም። በመጨረሻ ከጉሙ ውስጥ ያ ጢስ ሸተተኝ። ማንም ሳይነግረኝ የጣውንቴን ቤት በአፍንጫዬ አወቅሁት።

ቢፍቱ በሯ ላይ ቆማ ነበር። እስከዚያች ቀን በሐሳቤ የማያት ሴት ረዥም፣ አንገተ መቃ፣ ዓይኗ ሰው የሚያስት ነበረች። እዚያ የቆመችው ግን አጭር፣ ጉንጯን ውርጭ የሰነጣጠቀው፣ ከፊት ጥርሷ አንዱ የወለቀ ሴት ናት። ቆንጆ ብትሆን ኖሮ "ለካ ለዚህ ነው" ብዬ በተገላገልኩ። መልኳን ካየሁ በኋላ ቅናቴ ባሰ። ቆንጆ ካልሆነች ታዲያ ባሌን በምን ያዘችው?

እጇን ዘርግታ ልጄን ከክንዴ ወሰደቻት። አፍንጫዋን ፀጉሯ ውስጥ ቀብራ አሸተተቻትና ፊቷን አጨማደደች። "ቆላ ቆላ ትላለች" አለችው ሁሴንን፣ እኔ የሌለሁ ይመስል። ከዚያ ወደ እኔ ዞረች። "አካም ጅርታ፣ አንቺ ቆላ? ግቢ። ብርድ ነው።" እርስዎ ልላት ይገባኝ ነበር፤ ታላቄ ናት። አላልኳትም።

ቤቷ ኮሶው አልቆ አስታው የሚጀምርበት ጠርዝ ላይ ነው። ራህማን በበግ ለምድ ጠቅልላ እሳቱ አጠገብ አስተኛቻት፤ በአስታ የታጠነ ወተት በትንሽ በትንሹ አጠጣቻት። እኔ ትኩሳቱ የሚመለስበትን ሰዓት እየጠበቅሁ ቁጭ ብያለሁ። ሰዓቱ ደረሰ፤ አልመጣም። በማግስቱም አልመጣም። "ንዳድ ብርድ ይፈራል" አለችኝ ቢፍቱ። "እግሩ የቆላ ነው፤ እዚህ ድረስ አይወጣም።" ልጄ ዳቦ ስትጠይቅ ስሰማ ውጭ ወጥቼ አለቀስኩ። ልጄን አትርፋልኛለች፤ ይህን አልክድም። ባታተርፍልኝ እጠላት ነበር። ስላተረፈችልኝ መጥላት እንኳ ተከለከልኩ፤ የቀረኝ መቅናት ብቻ ሆነ።

ራህማ ትንሽ የጠናች ዕለት ቢፍቱ ፀሐይ ላሙቃት ብላ በጀርባዋ አዝላት ወደ ላይ ወጣች። ብቻዋን አልሰጥም ብዬ ተከተልኳቸው። አስታው መጀመሪያ ከሰው ቁመት በላይ ነው፤ ግንዱ የተጣመመ፣ ከቅርንጫፉ ሽበት የመሰለ ነገር የተንጠለጠለበት። ወደ ላይ በወጣን ቁጥር እያጠረ ሄደ። ደረቴ ድረስ ሆነ፣ ጉልበቴ ድረስ ሆነ፣ ከዚያ ጠፋ። ከዚያ በላይ ዛፍ የሚባል የለም። ሜዳ ነው፤ እዚያም እዚያም በጉብታ በጉብታ የበቀለ ጓሳ፣ በጓሳው መሀል ጥቁር ውሃ፣ መሬት ላይ የተለጠፉ ቢቀጥፏቸው የማይጠወልጉ ነጫጭ አበቦች። ጠዋት ስለነበር መሬቱን ውርጭ ሰቅዞት ከእግራችን ሥር ቅርጭጭ ቅርጭጭ ይላል።

ጉሙ ይመጣል፣ ይሄዳል። አንዴ ሲገለጥ ፊት ለፊቴ አንድ ሰው ቆሞ አየሁ። "አሰላሙ ዓለይኩም" አልኩት። አልመለሰም። ለካስ ጅብራ ነው፤ ግንዱ እንደ ሰው የቆመ፣ አናቱ ቅጠል የጠመጠመ። ቢፍቱ ሳቀች። "እሱ ሰላምታ ለመመለስ ጊዜ ይፈልጋል" አለችኝ። "ነገ ስናልፍ ይመልስልሻል።" ራህማም ከታመመች ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ሳቀች፤ በእኔ ነው የሳቀችው።

ቢፍቱ ስትሄድ አንድ ልማድ ነበራት። ከመንገዱ የአስታ ቀንበጥ ትቀጥፋለች፣ በመዳፏ ታሻሸዋለች፣ ከዚያ ዱዓ እንዳደረገ ሰው ሁለት እጇን ፊቷ ላይ ታሳልፋለች። ያን ቀን የራህማንም ፊት እንዲሁ አበሰችላት። ያን ሳይ ልደርስባቸው እግሬን ሳፈጥን ረግረጉ እስከ ጉልበቴ ያዘኝ። ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም ይባላል፤ የጭላሎ ረግረግም ሦስተኛቸው ነው። ቢፍቱ ልጄን እንዳዘለች በአንድ እጇ ጎትታ አወጣችኝ።

"እዚህ አትቸኩይ" አለችኝ። "እዚህ የሚቸኩል ውሃ ብቻ ነው።"

ትንሽ አለፍ ብለን ፍልፈል ከጉድጓዱ ብቅ ብሎ ሣር ጎትቶ ተመለሰ። ጓሳው ውስጥ አንዲት ቀይ ቀበሮ ጆሮዋን አቁማ፣ ሆዷን መሬት ላይ አጣብቃ ያን ጉድጓድ ትጠብቃለች። "አየሻት?" አለችኝ ቢፍቱ። "አንቺን ትመስላለች። ቀኑን ሙሉ ዓይኗን ከጉድጓዱ አታነሳም።" ምን ማለቷ እንደሆነ ገብቶኛል፤ እዚያ ቤት ከገባሁ ጀምሮ ዓይኔን ከእሷ አላነሳሁም ነበር።

ጫፉ ላይ ስንደርስ ጫፍ የለም። ያን ሁሉ ወጥቼ ያገኘሁት ወደ ውስጥ የጎደጎደ ሰፊ ሜዳ ነው፤ ዳር ዳሩ ከፍ ያለ፣ መሀሉ ሣርና ኩሬ። ከአዳማ የተደፋ ገበቴ የመሰለኝ ተራራ ላዩ ላይ ሲደርሱ የተቀመጠ ገበቴ ሆኖ ተገኘ። "ይሄ ነው?" አልኳት፤ ሆን ብዬ ነው። ሁሴን በየጠዋቱ እኔን ወደ ኋላ ትቶ የሚያየው ይሄ ነው? ቢፍቱ አልተቀየመችም። ጠርዙ ላይ ወዳለች ጠፍጣፋ ድንጋይ ወስዳ አስቀመጠችኝ።

"ከዚህ የሚወርደው ውሃ ወደ ቀለጣ ይሄዳል፤ ቀለጣ ወደ አዋሽ" አለችኝ በእጇ እያሳየች። "ከዚያኛው ጎን የሚወርደው ወደ ቀታር፣ ቀታር ወደ ዝዋይ ሐይቅ። ከዝዋይ በቡልቡላ አልፎ አብያታ ይገባል። አብያታ መውጫ የለውም፤ እዚያ ጨው ይሆናል። ይሄም ተራራ እንደ ሁሴን ሁለት ቤት አለው።"

"ቀለጣ አዋሽን የሚገናኘው እኛ ከምንቀዳበት በላይ ነው በታች?" አልኳት።

"ሁሴን በታች ነው ብሎኛል።"

"አልሐምዱሊላህ" አልኩ። የእግሯን እጣቢ ስጠጣ አልኖርኩም። ነገሩ ገባትና ራህማ ጀርባዋ ላይ እስክትናጥ ድረስ ሳቀች። ከዚያ ፊቷን አዙራ ወደ ሰሜን ስታይ ቆየች። "ቤትሽ በየት በኩል ነው?" አለችኝ። አሳየኋት። "ባቡሩስ?" አለች። "እሱም እዚያው ነው" አልኳት፤ ጥያቄዋ ምንም አልመሰለኝም።

ሁሴን ጭነቱ ሞላና የምንወርድበት ቀን ደረሰ። "ልጅቷ ትቆይ፤ ሜዳችሁ ላይ ውሃው እስኪደርቅ" አለች ቢፍቱ። ልክ ነበረች፤ ልክ መሆኗ ነው ያናደደኝ። በዚያ ላይ ራህማ ከእሷ ጉያ ሆና "አዮ" ስትላት ሰማሁ። እነሱ እናታቸውን የሚጠሩት እንዲህ ነው። ዓይኔ ደም ለበሰ። ሁሴን አህያ ሲጭን ልጄን አዝዬ ወደ ግቢው በር አመራሁ።

ቢፍቱ ከቤት አንድ ቀጭን፣ ቀጥ ያለ፣ ቅቤ የጠጣ በትር ይዛ ወጣች። በሩ ላይ አጋደመችው። እኔ የወሎ ልጅ ነኝ፤ ምን አውቄ? በትር ነው፣ ተራመድኩት።

"ዘይነባ!" ብሎ ሁሴን ጮኸ። እንደዚያ ሲጮህ ሰምቼው አላውቅም። ቢፍቱ ድምፅዋን ከፍ አድርጋ እልል አለች፤ የደስታ እልልታ ግን አይደለም። ከተዳፋቱ ላይ ካለው ቤት ሁሉ ሴቶች እንደዚያው ያለ በትር እየያዙ ወጡ። ባለሁበት ቀጥ ብዬ ቀረሁ። ለካስ ሲንቄ የሚሉት ነው። የአርሲ እናት ልጇን ስትድር በእጇ የምትሰጣት በትር ነው። ሲንቄ ከተጋደመ ጦር የያዘ ወንድ እንኳ አያልፍም፤ ጠብ ይቆማል፣ ነገሩ በሽማግሌ ይታያል። እኔ እንደ ጭራሮ ተራምጄው ሄድኩ።

ሽማግሌዎቹ ሣሩ ላይ ተቀመጡ። ሴቶቹ በትራቸውን ይዘው ጉሙ ውስጥ ከበው ቆሙ። ጊደር ታምጣ አሉ፤ ሲንቄን የደፈረ ቤት ጊደር ያቀርባል። ሁሴን አንገቱን ደፋ። በዚህ ጊዜ ቢፍቱ ተነሳች፤ በኦሮምኛ የተናገረችውን አጠገቤ ያለችው ሴት በአማርኛ ነገረችኝ።

"ይቺ ሴት ሲንቄ የላትም። እናቷ አልሰጠቻትም። የሌላት ሴት በምን ታውቀዋለች? ጊደር አልፈልግም። እናቷ ያልሰጠቻትን እኔ እሰጣታለሁ።"

አሁን ሴቶቹ የደስታውን እልልታ አቀለጡት። ቀጥ ያለ ቅርንጫፍ አስቆረጠች፣ ልጣጩን ላጠች፣ ቅቤ ቀብታ በሁለት እጄ አስያዘችኝ። አስተርጓሚዬ ጆሮዬ ሥር ሆና "እንኳን ደስ ያለሽ" አለችኝ። "ሲንቄ የሰጠሽ እናትሽ ናት። ከእንግዲህ ልጇ ነሽ።" ጣውንቴ፣ ባሌ ፊት፣ አገር እያየ እናቴ ሆነች! ሁሴንን ዞር ብዬ አየሁት። አፉን በጋቢው ሸፍኗል፤ ትከሻው ግን ይንቀጠቀጣል። ልጅ ደግሞ እናቷን እምቢ አትልም። ራህማ እዚያ ቀረች፤ እኔ በትር ይዤ ወረድኩ። ኮሶውን፣ ዝግባውን፣ የሁሩታን ገብስ እያለፍኩ ጀርባዬ ቀልሎኝ፣ ያ ቅለት እያስለቀሰኝ ነበር።

ከዚያ ወዲያ በየዓመቱ ክረምቱ ሲወጣ ራህማ ወደ ደጋ ትወጣለች፤ በጋው ሲገባ ትወርዳለች። ስትወርድ ጉንጯ ቀልቶ፣ ፀጉሯ አስታ አስታ እያለ ነው። አንድ ጋቢ አጥቤ ያልዘለቅሁት ሴትዮ አሁን ጋቢና ፀጉር አጥባለሁ። ሥራ ፈጠን አድርጊ ስላት "አዮ ቢፍቱ የሚቸኩል ውሃ ብቻ ነው ትላለች" ትለኛለች። ይህን አሁን ስናገር ራህማ እየሳቀች ነው የምትጽፈው። ትሳቅ። ሲንቄውን ከበሩ ጀርባ አቁሜዋለሁ፤ ልጥለው እልና እጄ እምቢ ይለኛል።

ሁሴን የሞተው እኔ ቤት ነው። ይህን ጮክ ብዬ እናገራለሁ። በእኔ ተራ፣ በእኔ አልጋ፣ ራሱን ጭኔ ላይ አድርጎ ነው የሞተው። በመጨረሻ ግን ውሃ አለኝ፤ ስሰጠው ቀመሰና "ከዚያ ምንጭ የለም?" አለኝ። የለም፤ የዚያን ጊዜ ቅሉ ባዶ ነበር። ለለቅሶው ቢፍቱ ከጭላሎ ወረደች፤ አዳማን ስታይ የመጀመሪያዋ ነው። በብብቷ እንደዚያ ያለ ቅል ይዛለች፣ አፉ በቅጠል ተወትፎ። መቃብሩ ላይ ሄዳ ውሃውን ቀስ ብላ አፈሰሰችው። የመጨረሻውን ውሃ ያጠጣሁት እኔ ነኝ ብዬ ነበር፤ እሷ ከእኔ በኋላ አጠጣችው።

ልትመለስ ስትል "ባቡሩን አሳዪኝ" አለችኝ። ጣቢያው ወሰድኳት። ባቡሩ እየጮኸ፣ ጥቁር ጢሱን እየተፋ ገባ። ከገጠር የመጣ ሰው ሁሉ ሲያየው ይሸሻል፤ እሷ ግን አገጯን ቀና አድርጋ ከላይ እስከ ታች አየችው፣ አሸተተችውም።

"ይሄ ነው?" አለችና ጀርባዋን ሰጥታው ሄደች። ተራራዋ ላይ ያልኳትን ቃል መለሰችልኝ ብዬ አሰብኩ፤ ከዚያ ያለፈ ነገር አልመሰለኝም።

የሞቷ ወሬ በመጣ ጊዜ ከራህማ ጋር ሆነን ወጣን። ራህማ ያን ጊዜ ለአቅመ ሔዋን የደረሰች ልጅ ነበረች። እኔ ሲንቄዬን ይዣለሁ፤ እናት ሞታ ባዶ እጅ አይኬድም። ግቢው ስንደርስ ሴቶቹ መንገድ ለቀቁ፤ "ልጇ መጣች" ሲሉ ሰማሁ። ራህማን መስሎኝ ዞር አልኩ። እኔን ነበር። የቢፍቱ ሲንቄ በወጋቸው መሠረት አብሯት ወደ መቃብር እንደሄደ ነገሩኝ። በዚያ ቤት የቆመው ሲንቄ የእኔ ብቻ ሆነ።

ለቅሶው ሲበርድ ራህማ "ነይ እማ፣ ወደ ላይ እንውጣ" አለችኝ። ሰማዩ ጠርቶ ነበር። አስታውን አልፈን፣ ጅብራዎቹን አልፈን፣ ያቺ ጠፍጣፋ ድንጋይ ጋ ደረስን። ራህማ አጠገቤ ተቀመጠች።

"አዮ ቢፍቱ የምትቀመጠው እዚህ ነበር" አለችኝ። "አባ አንቺ ቤት በሆነ ጊዜ ሁሉ፣ ቀኑ ከጠራ እዚህ ትወጣለች። ወደ አዳማ ታያለች። ጢስ ይሁን ደመና እኔ እንጃ፣ አንድ ጭረት ነገር ሲታያት 'ይኸው ባቡሩ' ትላለች። 'አሁን እሱ እዚያ ነው። እሷ በሯ ላይ እሳት የሚበላ ብረት አላት፤ እግሯ ለስላሳ ነው። እኔ ምን አለኝ? ውርጭና ፍልፈል። ሲመለስ ጋቢው የሽቶዋን ሽታ ይሸታል። እሱን ለማጥፋት በአስታ ባጥነው ባጥነው አይለቅም' ትል ነበር።"

"ምን? ምኑን ነው የምታጥነው?"

"የአባን ጋቢ። ካንቺ ቤት በመጣ ቁጥር።"

ያ ጢስ! እኔ ዕድሜዬን በእንዶድ ሳሽ የኖርኩት ጢስ፣ ለካ እሷ የእኔን ሽቶ የምታባርርበት ነው። እሷ ታጥነዋለች፣ እኔ አጥበዋለሁ፣ ያ ምስኪን ጋቢ በሁለታችን መሀል አለቀ።

"ለምን እስከ ዛሬ አልነገርሽኝም?" አልኳት ራህማን።

"አስምላኝ ነበር። 'እኔ በሕይወት እያለሁ ለእናትሽ እንዳትነግሪያት፤ ደስ ይላታል' አለችኝ።"

ደስ አለኝ! ወላሂ፣ ከተዳርኩ ወዲህ እንዲያ ደስ ብሎኝ አያውቅም። ጮክ ብዬ ስስቅ ጓሳው ውስጥ የነበረች ቀበሮ ብድግ ብላ አየችኝ። ቢፍቱ በእኔ ትቀና ነበር፤ ያቺ ተራራ የሚያህል ልብ ያላት ሴት! ሲንቄዬን አንስቼ ተነሳሁ። ወርጄ፣ በሯ ላይ ቆሜ፣ "አንቺ ቀናተኛ፣ ደረስኩብሽ!" ልላት ነው። ጥቂት እንደተራመድኩ ነገሩ ትዝ አለኝ። ተመልሼ ድንጋይዋ ላይ ቁጭ አልኩ። ያን ጊዜ ነው ለቢፍቱ ያለቀስኩት።

አሁን ባሌ የለም፤ ጣውንቴ የለችም። ሲንቄው ከበሩ ጀርባ ቆሟል። ከአረቡ ሱቅ ያን የጽጌረዳ ሽቶ እስከ ዛሬ እገዛለሁ፤ ራህማ "ለማን ነው?" እያለች ትስቅብኛለች። ባቡሩ ከጣቢያው ሲነሳና ጢሱን ሲለቅ፣ አንገቴን ሽቶ ቀብቼ ከጓሮ ጉብታው ላይ እወጣለሁ። ጭላሎ ተከናንቦ ከሆነ እስኪገለጥ እጠብቀዋለሁ። ሲገለጥ ወደ እሱ ዞሬ እቆማለሁ። ትቅና ብዬ።